የቅዳሜ ስብሰባ፦ ልጆቻችን ስለሚከታተሏቸው ድራማዎች

ውድ የ9ኛ ክፍል ወላጆች፣

ቅዳሜ ከቀኑ 9 ሰዓት ላይ በትምህርት ቤቱ ቤተ መጻሕፍት ተገናኝተን፣ ተከታታይ ድራማዎች ለልጆቻችን ስለ ፍቅር ምን እያስተማሯቸው እንደሆነ እንነጋገራለን። ካና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም. ሲጀምር ወደ አማርኛ የተመለሱትን ድራማዎች ቤተሰቡ ሳሎን ተሰብስቦ ያይ ነበር፤ አሁን ልጁ ብርድ ልብስ ውስጥ ሆኖ በዩቲዩብ ብቻውን ያያል።

በቀደም ከልጄ ጋር አንድ ክፍል አየሁ። ሰውየው የልጅቷን ክንድ ጨምድዶ ይዞ ስልኳን ይፈትሻል፤ ከበስተኋላ ለስላሳ ሙዚቃ ይሰማል። ልጄ «ስለሚወዳት እኮ ነው» አለችኝ። እኔን ያስጨነቀኝ ከመሳሳሙ ይልቅ ይኸኛው ነው። በግድ ተድረው ኋላ በፍቅር የሚወድቁ ሙሽሮችም ሞልተዋል፤ የቤተሰብ ሕጋችን ግን የሁለቱንም ነጻ ፈቃድና 18 ዓመት መሙላት ይጠይቃል።

ልጃችሁ የሚከታተለውን ድራማ ስም ይዛችሁ ኑ፤ ከተቻለም አንዱን ክፍል አብራችሁ እዩ። የምንወስነው፣ ልጆቹ ራሳቸው በየወሩ የሚወያዩበት መድረክ ይጀመር ወይስ አይጀመር የሚለውን ነው። ስልክ እንንጠቅ የሚል ካለ እሰማለሁ፤ ብዙ ተስፋ ግን አልጣልኩበትም።

የምትመጡ እስከ ሐሙስ ማታ እዚሁ አሳውቁኝ፤ ወንበር ለማዘጋጀት ነው።