«ለምን አልቆጠብክም?» አትበሏቸው

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ስለ አረጋውያን ችግር በተወራ ቁጥር አንድ ምክር አይጠፋም። «ዋናው በወጣትነት መቆጠብ ነው» ይባላል። ምክሩ ክፉ አይደለም፤ ለሚችል ሰው እንዲያውም ጥሩ ነው። ግን ዕድሜውን ሙሉ በቀን ሥራ ከእጅ ወደ አፍ ሲኖር ቆይቶ 75 ዓመት ለሞላው ሰው ይህን መናገር ቁስሉን መነካካት ነው። ከየት አምጥቶ ይቆጥብ ነበር?

እስቲ ሁለት ሰዎችን አስቡ። አንዱ ደህና ደመወዝ ያለው፣ አሠሪው ለጡረታው የሚያዋጣለት፣ በ25 ዓመቱ ቁጠባ ጀምሮ በ40 ዓመቱ ቤት የገዛ ነው። ሌላው ዕቃ ሲጭንና ሲያወርድ የኖረ፣ አሠሪው በየጊዜው የሚቀያየርበት፣ ስሙ በየትኛውም የጡረታ መዝገብ ያልሰፈረ። ሁለቱም ማልደው ተነስተው ሲለፉ ኖረዋል። የመጀመሪያው ያስቀመጠው ገንዘብ በዓመት 5 በመቶ ካፈራ በ40 ዓመት 7 እጥፍ ይሆናል፤ ቤቱም ዋጋው ይጨምራል። የሁለተኛው ግን የሚጨምረው የቤት ኪራዩ ነው፣ ጉልበቱም አልቋል። በደመወዝ የጀመረው ልዩነት እርጅና ላይ ሲደርስ ብዙ እጥፍ ሆኖ ይጠብቃቸዋል።

ይህ ሁለተኛው ሰው ደግሞ ጥቂት አይምሰላችሁ። የዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2018 ባወጣው ሪፖርት መሠረት ከዓለም ሠራተኞች 61 በመቶ ያህሉ፣ ማለትም 2 ቢሊዮን ሰው፣ መደበኛ ባልሆነ ሥራ ላይ ነበር። አብዛኛው የጡረታ መዋጮ የለውም።

የሴቶቹ ነገር ደግሞ ይብሳል። ልጅ ያሳደገች፣ በሽተኛ ያስታመመች፣ አሮጊት አማቷን የጦረች ሴት ለዚያ ሁሉ ዓመት አንድም መዋጮ አልተመዘገበላትም። ከወንዱ ይልቅ ረጅም ዕድሜ ስለምትኖር ደግሞ ትንሿን ገንዘብ ለብዙ ዓመት ማብቃቃት አለባት።

ጡረታ ያለው ቢሆንስ? የማውቃቸው አንድ ጡረተኛ አሉ። የደም ግፊት ክኒን በየቀኑ እንዲወስዱ ታዝዞላቸዋል፣ እሳቸው ግን አንድ ቀን እየዘለሉ ነው የሚውጡት። የቀረችውን ክኒን ይቆጥራሉ፣ አበል እስኪደርስ ስንት ቀን እንደቀረ ያሰላሉ፣ ልጃቸው ሲጠይቃቸው «ወስጃለሁ» ይላሉ። ጡረታ ሲወጡ አበሉ ያኖራቸው ነበር። አበሉ አልተቀነሰም፣ ዋጋው ነው ጥሏቸው የሄደው። ዋጋ በየዓመቱ 10 በመቶ ከጨመረ ያልተስተካከለ አበል በ7 ዓመት ውስጥ የመግዛት አቅሙ በግማሽ ያህል ይወርዳል። ማንም እጁን ኪሳቸው ውስጥ ሳይከት ግማሽ ጡረታቸው ተወሰደ ማለት ነው፣ እናም ለምን ይህ እንደ ቅሚያ እንደማይቆጠር አይገባኝም።

«የጡረታ ዕድሜ ይጨመር» የሚለው ሐሳብም ያሳስበኛል። ጀርመን እ.ኤ.አ. በ1889 የሠራተኞች የጡረታ ሕግ ስታወጣ ዕድሜውን 70 አደረገችው፤ አብዛኛው ሠራተኛ ግን እዚያ አይደርስም ነበር። ዛሬም ቢሆን ድሃው ከሀብታሙ ቀድሞ ይሞታል። ቢሮ ተቀምጦ ለሚሠራ ሁለት ዓመት ቢጨመር ምንም ላይመስለው ይችላል፣ ወገቡ በ55 ዓመቱ ለተሰበረ ግንበኛ ግን ያለ ደመወዝም ያለ ጡረታም የሚያልፉ ዓመታት ናቸው።

አንዳንዱ ደግሞ «ልጆቻቸው ይጡሯቸው» ይላል። የድሃ ልጅ እኮ ብዙ ጊዜ ራሱም ድሃ ነው! የእናቱን መድኃኒትና የልጁን የትምህርት ቤት ክፍያ እያማረጠ እንዲኖር ተፈርዶበታል። እሱም በተራው ሳይቆጥብ ያረጃል።

መፍትሔው አዲስ ግኝት አይደለም። መዋጮ ከፈለ አልከፈለ ሳይባል ዕድሜው ለደረሰ ሁሉ መነሻ የሚሆን አበል መስጠት ነው። ሞሪሸስ እ.ኤ.አ. በ1958 ጀመረችው። ኔፓል ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1995 ጀመረችው። ሌሶቶ ሀብታም አገር አይደለችም፣ ግን እ.ኤ.አ. በ2004 ዕድሜያቸው 70 ለሞላ ዜጎቿ ጡረታ ጀምራለች። ገንዘቡ ትንሽ ሊሆን ይችላል፣ ቢሆንም በየወሩ እንደሚመጣ የሚያውቅ ሰው ዱቤ ያገኛል፣ ሐኪም ቤት ይሄዳል፣ ልጁን ሳይለምን ይውላል። ከዚያ ወዲያ አበሉ በየዓመቱ ከኑሮ ውድነት ጋር እንዲስተካከል በሕግ መደንገግ አለበት፤ የባለሥልጣን በጎ ፈቃድ የሚጠበቅበት ጉዳይ መሆን የለበትም።

ለእናንተም አንድ ጥያቄ አለኝ። ስለ ጡረታ ስትዘግቡ ለጡረተኞች በጠቅላላ ስንት ገንዘብ እንደተከፈለ ትነግሩናላችሁ። እባካችሁ ያ ገንዘብ ከአምስት ዓመት በፊት ምን ያህል ይገዛ እንደነበረና ዛሬ ምን ያህል እንደሚገዛ፣ ከአረጋውያኑም ስንቱ ምንም እንደማያገኝ አብራችሁ ጻፉ።

ከአክብሮት ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ