ለመድኃኒት ተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት ኃላፊ፦ «ኮርቲሶሏ ዝቅተኛ ነው» ብላችሁ ስለዘጋችሁት ፋይል

ጉዳዩ፦ የእህቴን አቤቱታ ውድቅ ያደረገውን ደብዳቤ ይመለከታል

ክቡር ኃላፊ፣

ይህን በአደባባይ የምጽፈው ወድጄ አይደለም። አቤቱታዬን መዝገብ ቤት አስገብቻለሁ፣ ማህተም ተመቶበታል፣ «እንደውልልሻለን» ተብያለሁ። ጸሐፊዎ አሁን በመልክ ያውቁኛል። እርስዎን ግን «ስብሰባ ላይ ናቸው» ስለምባል አግኝቼዎት አላውቅም። በስተመጨረሻ የደረሰኝ ግማሽ ገጽ የማይሞላ ደብዳቤ ነው።

የደብዳቤው ፍሬ ነገር ይህ ነው። እኔ «እህቴ ያለ ማዘዣ በተሸጠላት መድኃኒት ምክንያት በሆርሞን መብዛት ታማለች» ብያለሁ። ያያዝኩት የላቦራቶሪ ውጤት ግን ኮርቲሶል የሚባለው ሆርሞኗ ዝቅተኛ እንደሆነ ይናገራል። ስለዚህ አቤቱታው «ከቀረበው ማስረጃ ጋር የሚቃረን ሆኖ በመገኘቱ» ፋይሉ ተዘግቷል።

ደብዳቤውን ለሐኪሟ አሳየሁት። ሁለቴ አነበበውና «ይሄን የጻፈው የመድኃኒት መሥሪያ ቤት ነው?» አለኝ። ምን ልበለው?

ነገሩ እንዲህ ነው። ታናሽ እህቴ ከልጅነቷ ቀጭን ናት። ሰርጓ ሲቃረብ «ትንሽ ወፈር ብትይ» የማይላት ዘመድ አልነበረም። ሰፈራችን ካለ መድኃኒት ቤት ገብታ ማወፈሪያ ጠየቀች። ማዘዣ አለሽ ወይ ያላት የለም። «ቫይታሚን ነው፣ ፍላጎት ይከፍታል» ብለው ትንሽ የወረቀት ፖስታ ሰጧት። ፖስታው ላይ የመድኃኒት ስም የለም። የታማሚ ስም የለም። በእስክሪብቶ «1×3» ተብሎ ተጽፏል፣ በቃ።

መጀመሪያ ሁሉም ደስ አለው። «ተስማማሽ!»፣ «ጉንጭሽ ሞላ!» ይሏት ነበር። እንደምታውቁት እዚህ አገር መወፈር ምስጋና ነው። ከዚያ ፊቷ እንደ ድፎ ዳቦ ክብ ሆነ። ክንዷና እግሯ ግን እንደቀጠኑ ቀሩ። ማጅራቷ ላይ ሥጋ ተቆለለ። ሆዷ ላይ ጣት የሚያካክሉ ወይን ጠጅ መስመሮች ወጡ። ነካ ሲያደርጋት ቆዳዋ ይበልዛል። ከወንበር ለመነሳት በእጇ መደገፍ ጀመረች። ገና የ24 ዓመት ልጅ ናት እኮ።

አንድ ቀን ስልኳ ላይ ስለ ማወፈሪያ ጉዳት የሚያወራ ቪዲዮ አየችና ደንግጣ ኪኒኑን እርግፍ አድርጋ ተወችው። ቀናት ሳይቆይ ማስመለስ፣ ማዞር፣ ከአልጋ መነሳት አለመቻል መጣ። ሌሊት ድንገተኛ ክፍል ስናደርሳት የደም ግፊቷም ስኳሯም ወርዶ ነበር። ተረኛው ሐኪም «ምን መድኃኒት ትወስዳለች?» አለን። «ምንም» አልነው። ቫይታሚን ነው የተባለውን ማን መድኃኒት ይለዋል? እናቴ ቦርሳዋን ስትበረብር ያቺ ፖስታ ወጣች። ውስጧ በመቀስ የተቆረጠ የኪኒን ማሸጊያ ቁራጭ ቀርቷል። ሐኪሙ ወደ መብራቱ አዙሮ አነበበው። የስሙ መጀመሪያ ተቆርጧል፤ የቀረው «…ሜታዞን 0.5 ሚ.ግ» ይላል። ዴክሳሜታዞን። ደም ቀድተው ወዲያው ሃይድሮኮርቲዞን በደም ሥሯ ሰጧት። በማግስቱ ጠዋት ሻይ ጠየቀች።

እናንተ «ይቃረናል» ያላችሁት ውጤት የመጣው ከዚያ ደም ነው። መርፌው ከመሰጠቱ በፊት የተቀዳ ደም።

አሁን ለእናንተ ማስረዳት የማይገባኝን ነገር ላስረዳ። ኮርቲሶል ከኩላሊት በላይ የተቀመጡት አድሬናል የሚባሉ ዕጢዎች የሚያመርቱት ሆርሞን ነው። ሰውነት ለረጅም ጊዜ ይህ ሆርሞን ወይም የሱን ሥራ የሚሠራ፣ ስቴሮይድ የሚባል መድኃኒት ከልክ በላይ ሲሆንበት ሕመሙ ኩሺንግ ይባላል። ስሙ የመጣው በ1932 በፈረንጆች አቆጣጠር ስለዚህ ሕመም በሰፊው ከጻፈው አሜሪካዊ የአንጎል ቀዶ ሐኪም ከሃርቪ ኩሺንግ ነው። ያኔ የስቴሮይድ ኪኒን ገና አልተሠራም። የሱ ታማሚዎች ሆርሞኑ የበዛባቸው ከገዛ አካላቸው ነበር። ዛሬ ግን ዋነኛው የኩሺንግ መንስኤ ከውጭ የሚገባ ስቴሮይድ ነው። በኪኒን፣ በመርፌ፣ በቅባት።

ዴክሳሜታዞን ኃይለኛ ስቴሮይድ ነው። 0.75 ሚሊግራሙ የ20 ሚሊግራም ሃይድሮኮርቲዞንን ሥራ ይሠራል። ሃይድሮኮርቲዞን ማለት ደግሞ በመድኃኒት መልክ የተዘጋጀ ኮርቲሶል ነው። ጤነኛ ሰው በቀን የሚያመርተው 10 ሚሊግራም ገደማ ነው። እህቴ በቀን ሦስት ጊዜ ግማሽ ሚሊግራም ስትውጥ በኮርቲሶል ሲሰላ 40 ሚሊግራም ገደማ ታስገባ ነበር ማለት ነው። ስንት እጥፍ እንደሆነ እናንተው አስሉት።

አንጎል ይህን ሁሉ ሲያይ «በቂ አለ» ብሎ ለአድሬናል ዕጢ የሚልከውን ትዕዛዝ ያቆማል። ዕጢው ይተኛል። የራሷ ኮርቲሶል ወደ ታች ይወርዳል። የኮርቲሶል ምርመራ ደግሞ ዴክሳሜታዞንን አይቆጥረውም። ኪኒኑን እየዋጠች እያለ ደሟ ቢቀዳ እንኳ ወረቀቱ «ዝቅተኛ» ነበር የሚለው። ኪኒኑን በአንዴ ስታቆም የተኛው ዕጢ ቶሎ አይነቃም። ሌሊት ሆስፒታል ያደረሳት ይሄ ነው። የፊቷ ማበጥ የመብዛቱ ማስረጃ ነው። የኮርቲሶሏ መውረድ የበዛው ነገር ከውጭ የመጣ ለመሆኑ ማስረጃ ነው። እናንተ አንዱን ማስረጃ አንስታችሁ ሌላውን መታችሁበት።

የሐኪሙ ወረቀት ላይ እኮ «ከውጭ በተወሰደ ስቴሮይድ የመጣ ኩሺንግ» ተብሎ ተጽፏል። «ከውጭ በተወሰደ» የሚለውን ማን ዘለለው? ካልገባችሁ አንድ ስልክ መደወል ያቅታል? መሥሪያ ቤታችሁ ውስጥ ፋርማሲስት ሞልቷል። አንዱን ከኮሪደር ጠርታችሁ ብትጠይቁት ሻይ ሳይቀዘቅዝ ይመልስላችሁ ነበር።

የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011ን ከኔ በላይ ታውቁታላችሁ፤ እሱን አልጠቅስላችሁም። ዴክሳሜታዞን ያለ ሐኪም ማዘዣ እንደማይሸጥም ታውቃላችሁ። መድኃኒቱ ራሱ ጥፋት የለበትም። በ2020 በፈረንጆቹ፣ በኮቪድ ጊዜ፣ ኦክስጅን የሚያስፈልጋቸውን ታማሚዎች ሕይወት እንደሚያተርፍ ታይቷል። በፖስታ ላይ «1×3» ተጽፎ ለሙሽራ ሲሰጥ ግን ሌላ ነገር ነው።

ኪኒኑ ብቻም አይደለም። ለማድያት፣ ለማቅላት እየተባለ ኮስሞቲክስ ቤት የሚቸረቸረውን ቅባት ተመልከቱት። ክሎቤታዞል የሚባል ኃይለኛ ስቴሮይድ አለበት። ከሁለት ሳምንት በላይ መቀባት የሌለበትን ቅባት ሴቶቻችን ዓመት ሙሉ ፊታቸው ላይ ያደርጉታል። በቲክቶክ ላይቭ ይሸጣል፣ በቴሌግራም ይታዘዛል፣ በሞተር ዴሊቨሪ ቤት ድረስ ይመጣል። ከናንተ በስተቀር ያላየው ሰው የለም።

መጀመሪያ ስመጣ ሠራተኛችሁ «ደረሰኝ አለሽ?» ነበር ያለኝ። ያለ ማዘዣ የሚሸጥ ሰው ደረሰኝ ይቆርጣል እንዴ? ቀጥሎ ተቆጣጣሪዎች ሄደው «ምንም አላገኘንም» አሉ። ባጅ አንጠልጥሎ፣ በመሥሪያ ቤት መኪና በር ላይ ቆሞ ምን ይገኛል? አንዲት ቀጭን ልጅ ላኩና «ማወፈሪያ አለ?» ትበል። ሥራችሁን ላስተምራችሁ ብዬ አይደለም። የሰፈራችን ሰው ሁሉ የሚያውቀውን ነው የምነግራችሁ።

አንድ ነገር ለአንባቢ፦ ይህን ኪኒን እየወሰዳችሁ ከሆነ ደንግጣችሁ በአንዴ አታቁሙት። ሐኪም ዘንድ ሂዱና ምን ስትውጡ እንደነበር እውነቱን ንገሩ። ቀስ በቀስ ነው የሚቀነሰው። ይህን ማስታወቅ የኔ ሥራ አልነበረም፤ ግን የሚያስታውቅ አላየሁም።

እህቴ ዛሬም ሃይድሮኮርቲዞን ላይ ናት፤ ዕጢዋ እስኪነቃ መጠኑ በሐኪም እየታየ ይቀነሳል። ሰርጉ ተራዝሟል። መድኃኒት ቤቱ ክፍት ነው፣ ትናንትም ወረፋ ነበረው።

ከእርስዎ የምፈልገው ብዙ አይደለም። ያ ደብዳቤ ይነሣልኝ። ስህተት መሆኑ በጽሑፍ፣ በቁጥርና በማህተም ይነገረኝ። ፋይሉ ይከፈት፤ ሕክምና በሚያውቅ ሰው እጅም ይግባ። በስልክ «እያየነው ነው» እንዳትሉኝ።

የታማሚዋ ታላቅ እህት

ግልባጭ፦
ለመዝገብ ቤት (ለአራተኛው ፎቅ፣ መቼም «አልደረሰንም» ነው የምትሉት)
ማወፈሪያ ለሚሸጡ ሁሉ (እነሱ ሳይቀድሟችሁ አይቀሩም)