በየት ገባ? የሥነ ሕይወት ክበብ የዓመቱ ሥራ

ክበቡ ዘንድሮ ዓመቱን ሙሉ የያዘው አንድ ጉዳይ ነው፤ ቫይረሶች ወደ አንጎልና ወደ ነርቭ እንዴት ይደርሳሉ፣ ከደረሱስ በኋላ ምን ያደርጋሉ የሚለው። መጀመሪያ የታሰበው በየሳምንቱ አንድ በሽታ እየወሰዱ ምልክቱን፣ መተላለፊያውንና መከላከያውን መዘርዘር ነበር። ሁለት ሳምንት ተሞክሮ ቀረ። ትኩሳት፣ ራስ ምታት፣ ማስታወክ፣ የአንገት መገተር፣ መቃዠት፤ ዝርዝሩ ከበሽታ በሽታ ስለሚመሳሰል አንዱን ከሌላው የሚለይ አባል ጠፋ። ከዚያ በኋላ ለእያንዳንዱ ቫይረስ ቀድሞ የሚቀርበው ጥያቄ «በየት ገባ?» ሆነ። መንገዱ ከታወቀ በሽታው የሚዘገይበት ጊዜ፣ የሚጎዳው የሰውነት ክፍልና የሕክምናው ሰዓት አብዛኛውን ጊዜ ከዚያው ይወጣል።

የመጀመሪያው መንፈቅ ዓመት በሞዴል ሥራ አለፈ። ልኬቱ አንድ ሚሊዮን እጥፍ ነው፤ 1 ናኖሜትር 1 ሚሊሜትር ይሆናል። የእብድ ውሻ በሽታ ቫይረስ አንዱ ጫፉ የዞረ፣ ሌላው የተቆረጠ ጥይት ይመስላል፤ ርዝመቱ ወደ 180፣ ውፍረቱ ወደ 75 ናኖሜትር ነው። ስለዚህ ሞዴሉ 18 ሳንቲሜትር ርዝመት ያለው የካርቶን ጥቅል ነው። ካርቶኑ የሚቆረጠው 75 በ3.14 ተባዝቶ፣ ማለትም በ236 ሚሊሜትር ስፋት ሲሆን፣ ለኮላ መደራረቢያ 10 ሚሊሜትር ይጨመርበታል። መደራረቢያውን ከ236ቱ ውስጥ የወሰዱት ቡድኖች ጥቅላቸው ወደ 72 ሚሊሜትር ጠበበባቸው።

የፖሊዮ ቫይረስ 30 ናኖሜትር ብቻ ስለሆነ መጀመሪያ የመጣው ሐሳብ የጠረጴዛ ቴኒስ ኳስ ነበር፤ የኳሱ ስፋት ግን 40 ሚሊሜትር ነው፣ አይሆንም። በምትኩ ከወረቀት 20 እኩል ጎን ሦስት ማዕዘኖች ተቆርጠው ተገጣጠሙ። ከጫፍ እስከ ጫፍ 30 ሚሊሜትር እንዲመጣ የእያንዳንዱ ሦስት ማዕዘን ጎን 16 ሚሊሜትር መሆን አለበት። የሄርፐስ ቫይረስ የውስጥ ቅርፊት ተመሳሳይ ቅርጽ ኖሮት 125 ናኖሜትር ስለሆነ ጎኑ 66 ሚሊሜትር ይሆናል፤ ለጀማሪ እጅ የሚመቸውም ይኸው ትልቁ ነው። በየጫፉ የሚገናኙት አምስት ሦስት ማዕዘኖች ናቸው። ስድስት ያገናኘ ሰው ወረቀቱ ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቶ ይቀርበታል፤ ስድስት ጊዜ 60 ዲግሪ 360 ነውና መታጠፊያ አይተርፈውም።

ሞዴሉ ትርጉም ያገኘው ነርቩ በዚያው ልኬት ሲሰላ ነው። አክሶን የሚባለው የነርቭ ህዋስ ረጅም ክር 1 ማይክሮሜትር ውፍረት ቢኖረው፣ በእኛ ልኬት 1 ሜትር ስፋት ያለው ቧንቧ ነው። በውስጡ የሚያልፉት የማጓጓዣ ሐዲዶች፣ ማይክሮቲዩቡሎች፣ 25 ሚሊሜትር ውፍረት ያላቸው የውኃ ጎማዎች ይሆናሉ። ከህብለ ሰረሰር እስከ እግር ጣት የሚሄደው ክር በእውነታው አንድ ሜትር ያህል ነው፤ በሞዴሉ 1,000 ኪሎሜትር። ያ የ18 ሳንቲሜትር ጥቅል ይህን ሁሉ መንገድ መጓዝ አለበት።

ዝም ብሎ ቢንሳፈፍስ? ይህን ለማየት የጄላቲን ሙከራ ተሠራ። 5 ግራም ጄላቲን በ100 ሚሊሊትር ሙቅ ውኃ ይሟሟል፤ በሙከራ ቱቦ ተቀድቶ ማቀዝቀዣ ውስጥ ያድራል፤ ከረጋ በኋላ ከላይ ጥቂት ጠብታ ቀለም ይደረጋል። ቀለሙ በ1 ሰዓት የደረሰበትን እጥፍ ለመድረስ 4 ሰዓት፣ ሦስት እጥፉን ለመድረስ 9 ሰዓት ይፈልጋል። ሙከራው የሚበላሸው በሁለት ምክንያት ነው፤ ጄላቲኑ ሳይረጋ ቀለም ሲጨመርበት፣ ወይም ቱቦው ሙቀት ያለበት ቦታ ሲቀመጥና ጄላቲኑ ሲቀልጥ። በሁለቱም ቀለሙ ቶሎ ይሰራጭና ውጤቱ ትክክል ይመስላል፤ ሰው የሚታለለው እዚህ ላይ ነው። ይኸው ሕግ 100 ናኖሜትር ስፋት ላለው ቅንጣት ሲሠራ፣ በንጹሕ ውኃ እንኳ አንድ ሜትር ለመንሳፈፍ ከ3,000 ዓመት በላይ ይወስዳል። የህዋስ ውስጥ ደግሞ ከውኃ የወፈረ ነው።

ስለዚህ ቫይረሱ ይጫናል እንጂ አይንሳፈፍም። ነርቭ ከጫፉ ወደ ህዋሱ አካል ዕቃ የሚያመላልስበት ዳይኒን የሚባል ሞተር ፕሮቲን አለው፤ ቫይረሱ በነርቩ ጫፍ ካሉት ተቀባይ ፕሮቲኖች ጋር ተጣብቆ ይገባና በዚሁ ሞተር ይሳፈራል። በሰከንድ 1 ማይክሮሜትር ቢሄድ በቀን 86 ሚሊሜትር ይሆናል፤ ለእብድ ውሻ በሽታ ቫይረስ የሚነገረው በቀን ከ50 እስከ 100 ሚሊሜትር የሆነ ፍጥነትም ከዚህ ጋር ይገጥማል። ቁርጭምጭሚት ላይ የተነከሰ ሰው ቫይረሱ ህብለ ሰረሰር ለመድረስ ከ10 እስከ 20 ቀን፣ ፊቱ ላይ የተነከሰ ደግሞ ጥቂት ቀናት ብቻ እንደሚበቃው ከዚሁ ይሰላል። እርግጥ ስሌቱ የጉዞውን እንጂ የመዘግየቱን ሁሉ አይነግርም። ቫይረሱ ነርቭ ከመግባቱ በፊት ጡንቻ ውስጥ ሊቆይ ስለሚችል፣ ምልክቱ አብዛኛውን ጊዜ የሚታየው ከአንድ እስከ ሦስት ወር ባለው ጊዜ ነው፤ ከዓመት በላይ የሚዘገይበትም አለ። ስሌቱን እንደ ቀጠሮ የወሰዱ አባላት በዚህ ተሳስተዋል።

መንገዱ ደም ሳይሆን ነርቭ መሆኑ ሌላም ነገር ያስከትላል። በጉዞው ጊዜ የሰውነት መከላከያ ቫይረሱን አያየውም፤ ስለዚህ ምልክቱ እስኪወጣ ድረስ አንቲቦዲ፣ ማለትም ቫይረሱን የሚይዝ የመከላከያ ፕሮቲን፣ አያዘጋጅም። ምልክቱ ከወጣ ደግሞ በሽታው ገዳይ ነው ማለት ይቻላል። ክትባት ከንክሻ በኋላ ተሰጥቶ የሚሠራው ይህ የጉዞ ጊዜ ስላለ ነው፤ ሉዊ ፓስተር በ1885 እ.ኤ.አ. በንክሻ ለተጎዳ ልጅ ክትባቱን ሲሰጥ የተጠቀመበት ክፍተት ይኸው ነው።

በግድግዳ የተለጠፈው የእርዳታ ሰሌዳ ሦስት ጊዜ ታርሟል። ቁስሉ ወዲያው በሳሙናና በሚፈስ ውኃ ለ15 ደቂቃ ይታጠባል፤ የመጀመሪያው ረቂቅ «በደንብ ይታጠብ» ብቻ ይል ነበር፣ በልምምዱ ግን «በደንብ» ሁለት ደቂቃ አልሞላም። ክትባቱ በ0፣ በ3፣ በ7 እና በ14ኛው ቀን ሲሰጥ (መርሐ ግብሩ ከአገር አገር ይለያያል) የመጀመሪያው መርፌ የሚወጋበት ቀን 0 ነው። ያንን ቀን 1 ብሎ የቆጠረ ሰው ሁሉንም ቀጠሮ በአንድ ቀን ያዛባል። ክትባቱ አንቲቦዲ እስኪያስገኝ ከአንድ ሳምንት በላይ ስለሚወስድ፣ ቆዳው በጥርስ የተበሳ ሰው ለዚያ ክፍተት የተዘጋጀ አንቲቦዲ፣ ኢሚዩኖግሎቡሊን፣ ቁስሉ ውስጥና ዙሪያ ይወጋል። ከሰው ደም የተዘጋጀው በኪሎ 20 ዩኒት ነው፤ 45 ኪሎ ለሚመዝን ሰው 900 ዩኒት። ከመጀመሪያው ክትባት 7 ቀን ካለፈ ግን አይሰጥም፤ ሰውነቱ የራሱን መሥራት ጀምሯልና።

ብዙ ክርክር ያስነሳው «ውሻው ለምን 10 ቀን ይጠበቃል?» የሚለው ነው። መልሱ ያው መንገዱ ነው። ቫይረሱ ወደ ምራቅ የሚደርሰው አንጎል ከገባ በኋላ፣ በነርቮች ወደ ምራቅ ዕጢዎች ተመልሶ ወጥቶ ነው። ስለዚህ በንክሻው ቀን ምራቁ ውስጥ ቫይረስ የነበረበት ውሻ አንጎሉ ቀድሞ ተይዟል ማለት ነው፤ በ10 ቀን ውስጥ ይታመማል ወይም ይሞታል። 10 ቀን ጤነኛ ሆኖ ከቆየ በዚያ ንክሻ አላስተላለፈም። ይሁንና ክትባቱ እስከዚያ አይቆይም፤ ይጀመርና ውሻው ጤነኛ ሆኖ ከተገኘ ይቋረጣል።

ስለ ሳሙና አንድ ማስጠንቀቂያ። ብዙ ቦታ የሚታየው፣ ውኃ ላይ በርበሬ በትኖ በሳሙና በተነከረ ጣት መንካት፣ ከዝግጅታችን ወጥቷል። በርበሬው የሚሸሸው የውኃው የገጽ ውጥረት ስለሚቀንስ ነው፤ ከቫይረስ ጋር ግንኙነት የለውም። በምትኩ በክዳን ማሰሮ ዘይትና ውኃ ቀላቅሎ ሳሙና ከመጨመሩ በፊትና በኋላ መናጥ ይሻላል፤ ሳሙና ስብን እንዴት እንደሚበትን በእርግጥ ያሳያል። የእብድ ውሻ በሽታ ቫይረስ የስብ ሽፋን ስላለው በዚህ መንገድ ይፈርሳል። ፖሊዮ ሽፋን የለውም፤ በሳሙና መታጠብ ከእጅ ያጥበዋል እንጂ አያፈርሰውም። የጨጓራ አሲድን አልፎ አንጀት የሚደርሰውም ለዚሁ ነው።

ፖሊዮ የሚገባው በአፍ ነው፤ ጉሮሮና አንጀት ውስጥ ይራባል፣ ወደ ደም ይዘልቃል፣ ከዚያ አልፎ ነርቭ የሚነካው በጥቂቱ ብቻ ነው። የማይመለስ ሽባነት የሚደርሰው ከ200 ተይዘው አንዱ ላይ ነው። የሚገድለው በህብለ ሰረሰር የፊት ክፍል ያሉትን ጡንቻ አንቀሳቃሽ ህዋሶች ስለሆነ እግሩ ይልፈሰፈሳል፣ የመንካት ስሜቱ ግን አይጠፋም። በሥዕሉ ላይ የህብለ ሰረሰሩን የፊትና የኋላ ክፍል ያቀያየረ ቡድን ምልክቱን ፈጽሞ ሊያስረዳ አልቻለም። ለምርመራ የሚወሰደውም ሰገራ ነው፤ ሽባነቱ በጀመረ በ14 ቀን ውስጥ፣ ቢያንስ በ24 ሰዓት ልዩነት ሁለት ናሙና። በመርፌ የሚሰጠው ክትባት በደም ውስጥ ያለውን መንገድ ይዘጋል፣ በአፍ የሚጨመረው ጠብታ ግን አንጀቱንም ይከላከላል።

ሄርፐስ በነርቭ ገብቶ እዚያው የሚከርም ነው። በተለምዶ ምች የምንለው የከንፈር ቁስል ከጀመረ በኋላ ቫይረሱ የፊት ቆዳን ስሜት በሚያደርሰው ነርቭ ወደ ኋላ ተጉዞ የነርቭ ቋጠሮ ውስጥ፣ የነርቭ ህዋሶች አካል በተሰበሰበበት፣ ይተኛል፤ ሲቀሰቀስ በሌላ ሞተር፣ በካይኔሲን፣ ወደዚያው ከንፈር ይመለሳል። ፀሐይ ከሚቀሰቅሱት ነገሮች አንዷ ስለሆነች «ምች በፀሐይ ይመጣል» የሚለው ነገር መሠረት የሌለው አይደለም፤ ፀሐይ ቫይረሱን ታስነሳለች እንጂ አታመጣውም። አልፎ አልፎ ይኸው ቫይረስ የአንጎልን የጎን ክፍል ያቆጣል። ካልታከመ ከ10 ሰው 7ቱ ገደማ ይሞታሉ፤ ስለዚህ ሐኪሞች አሲክሎቪር የሚባለውን የሄርፐስ መድኃኒት በኪሎ 10 ሚሊግራም በየ8 ሰዓቱ በደም ሥር ከ14 እስከ 21 ቀን ሲሰጡ የምርመራ ውጤት አይጠብቁም። መድኃኒቱ ሥራ የሚጀምረው ራሱ ቫይረሱ በሚሠራው ኤንዛይም ተለውጦ ስለሆነ፣ የተኛውን ቫይረስ አይነካውም።

የጉድፍ ቫይረስ ዘመዱ ነው። እሱም በህብለ ሰረሰር ዳር ባሉ ቋጠሮዎች ይተኛና ከዓመታት በኋላ አልማዝ ባለጭራ ሆኖ ይወጣል። አባላቱ በወረቀት ሰው ላይ የነርቭ ቀበቶዎችን፣ ማለትም እያንዳንዱ ነርቭ የሚይዘውን የቆዳ ክፍል፣ ሲስሉ በጡት ጫፍ ደረጃ አራተኛውን፣ በእምብርት ደረጃ አሥረኛውን የደረት ነርቭ መነሻ አደረጉ። ሽፍታው የሰውነትን መሐል መስመር የማይሻገረው እያንዳንዱ ቋጠሮ የአንዱን ጎን ብቻ ስለሚይዝ ነው።

በደም የሚመጡት የደምና የአንጎል አጥርን ማለፍ አለባቸው፤ የአንጎል ደም ሥሮች ህዋሶች እርስ በርስ ጥብቅ ብለው የተሰፉበት ማለት ነው። ኤች አይ ቪ በነጭ የደም ህዋስ ውስጥ ተደብቆ ያልፈዋል፤ የሚይዘውም የነርቭ ህዋሱን ሳይሆን የአንጎሉን ጠባቂ ህዋሶች ነው፣ ነርቩ የሚጎዳው ከእነሱ በሚወጣው መርዝ ነው። በወባ ትንኝ ዘመዶች የሚተላለፈው የዌስት ናይል ቫይረስ ነርቭ የሚጎዳው ከ150 ተይዘው ከአንድ ባነሰ ሰው ላይ ነው። የኮቪድ ሽታ መጥፋት ደግሞ በግድግዳ መጽሔታችን ስህተት ሆኖ ወጥቶ ነበር፤ ቫይረሱ በዋናነት የሚይዘው የሽታ ነርቩን ሳይሆን ነርቩን የሚደግፉትን የአፍንጫ ህዋሶች ነው፣ እርማቱ በሚቀጥለው እትም ወጥቷል።

የሁለተኛው መንፈቅ ዓመት መዝጊያ 12 የምርመራ ካርዶች ነበሩ፤ በእያንዳንዱ ላይ ከወገብ የተቀዳ የአንጎል ፈሳሽ ውጤት አለ። የቫይረስ ሲሆን ነጭ ህዋሶቹ በብዛት ሊምፎሳይት የሚባሉት ናቸው፣ ስኳሩ አብዛኛውን ጊዜ አይቀንስም፤ የባክቴሪያ ማጅራት ገትር ሲሆን ኒውትሮፊል የሚባለው ሌላው ነጭ ህዋስ ይበዛል፣ ስኳሩ ይወርዳል። ብዙ ቡድን የወደቀበት ካርድ ስኳሩ 45 ሚሊግራም በዴሲሊትር የሚለው ነው። ቁጥሩ ብቻውን ጤነኛ ይመስላል። የሰውየው የደም ስኳር 180 መሆኑ ግን በካርዱ ጀርባ ተጽፏል፤ ፈሳሹ የደሙን ሁለት ሦስተኛ ያህል መያዝ ሲገባው ሩቡን ብቻ ይዟል። ሌላው ወጥመድ ሊምፎሳይት በዝቶ ስኳሩ የወረደበት ነው፤ እሱ የሳንባ ነቀርሳ ማጅራት ገትር ካርድ ነው።

ለሚቀጥለው ዓመት የተረፈ ሥራ አለ። ከሦስቱ የእብድ ውሻ በሽታ ቫይረስ ሞዴሎች ሁለቱ የገጽ እሾኻቸው ተተክሎላቸዋል፤ ሦስተኛው ግማሹ ባዶ ነው። እሾኹ በእውነታው ወደ 10 ናኖሜትር ስለሆነ የጥርስ መፋቂያ እንጨት በ10 ሚሊሜትር ተቆርጦ፣ ከካርቶኑ ውስጥ ለሚቀበረው 5 ሚሊሜትር ተጨምሮበት ይተከላል። ጠፍጣፋው ጫፍ ላይ እሾኽ አይተከልም።