ከኦፕራሲዮኑ በኋላ መሣሪያውን የሚያስተካክለው ማነው?

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፦

መድኃኒት ላልበገረው የሚጥል በሽታ በሰውነት ውስጥ ስለሚቀበሩ የኤሌክትሪክ መሣሪያዎች ሲጻፍ አብዛኛው ወሬ ስለ ቀዶ ሕክምናው ነው። ታማሚውን ውጭ አገር ልኮ ለማሳከም ገንዘብ የሚያሰባስብ ቤተሰብም የሚጠይቀው የኦፕራሲዮኑን ዋጋ ነው። ከዋጋው በፊት መጠየቅ ያለበት ግን ታማሚው አገሩ ሲመለስ መሣሪያውን ማን እንደሚያስተካክልለት ነው።

የቫገስ ነርቭ ማነቃቂያን፣ ማለትም ከአንጎል በአንገት አልፎ ወደ ደረትና ሆድ የሚወርደውን ነርቭ በኤሌክትሪክ የሚያነቃቃውን መሣሪያ እንውሰድ። አሜሪካ ውስጥ ከ1997 (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ጀምሮ የተፈቀደ ነው። ባትሪ የያዘው ጠፍጣፋ ሳጥን በግራ ደረት ቆዳ ሥር ይቀመጣል፤ ሽቦው በቆዳ ሥር ሽቅብ ሄዶ አንገት ላይ በግራው ቫገስ ነርቭ ዙሪያ ይጠመጠማል። የራስ ቅል አይከፈትም። ግራው የሚመረጠው የቀኙ ነርቭ ከልብ ምት ጋር ይበልጥ ስለሚገናኝ ነው።

ሳጥኑ ብዙውን ጊዜ ሥራ የሚጀምረው ከተቀበረ ከሁለት ሳምንት ገደማ በኋላ ነው። መነሻው 0.25 ሚሊ አምፒር ነው፤ ሐኪሙ ማስተካከያ የሚባለውን የውጭ መሣሪያ ደረት ላይ አስጠግቶ በየቀጠሮው 0.25 እየጨመረ ወደ 1.5 አካባቢ ያደርሰዋል። ይህ አምስት ጭማሪ ነው፤ በየሁለት ሳምንቱ ቢሆን እንኳ አሥር ሳምንት ይፈጃል። በተለመደው አሠራር 30 ሰከንድ ያነቃቃል፣ 5 ደቂቃ ያርፋል። በተተከለለት በሳምንቱ አውሮፕላን የተሳፈረ ሰው ገና ያልተጀመረ ሳጥን ተሸክሞ ይገባል፤ ከዚያ «መሣሪያው አልሠራም» ይባላል። በተያዘለት መርሐ ግብር ራሱ የሚጨምር አዲስ ሞዴል አለ። ድምፅ ሲጎረንን፣ ሳል ሲያስቸግር ወይም ጉሮሮ ሲያፍን ግን ኃይሉን የሚቀንስ ሰው ያስፈልጋል።

ለታማሚው የሚሰጠው ማግኔት ይህን ሥራ አይተካም። መጣል ሊጀምር ሲል ማግኔቱን በሳጥኑ ላይ ለአንድ ሰከንድ ያህል ማሳለፍ ተጨማሪ ማነቃቂያ ይሰጣል፤ እዚያው ላይ ማቆየት ደግሞ መሣሪያውን ለጊዜው ያቆመዋል። ሁለቱን ያደባለቀ አስታማሚ ረዳሁ ብሎ ሕክምናውን ያጠፋዋል። (ክብሪት ጭሮ ማሽተትማ ከማግኔት ጋርም ሆነ ያለ ማግኔት ምንም አይረዳም።)

የሚበላሸው ደግሞ ብዙ ነው። ሽቦ ሊሰበር ይችላል፤ ታማሚው ሳጥኑን በቆዳው ላይ እየነካካ ሲያዞረውም ይጠመዘዛል። ማስተካከያው የሽቦውን የኤሌክትሪክ ተቃውሞ ከመጠን በላይ ከፍ ብሎ ካነበበው ሐኪሙ መሣሪያውን ያጠፋዋል፣ ታማሚውም ራጅ ይነሳል። ኤምአርአይ ከመነሳት በፊት ኃይሉን ወደ ዜሮ ማውረድ፣ ከምርመራው በኋላም መልሶ መክፈት ግድ ነው፤ ማስተካከያ በሌለበት ከተማ ይህ እንዴት ይሆናል? ዳያተርሚ የሚባለው የፊዚዮቴራፒ ማሞቂያ ደግሞ ፈጽሞ ክልክል ነው፤ ሽቦው ግሎ ነርቩን ሊያቃጥል ይችላል። ወገቡን አሞት ለፊዚዮቴራፒ የሚሄድ ታማሚ ቅድሚያ መናገር ያለበት ይህን ነው። ባትሪው ሲያልቅም ሳጥኑ በሌላ ቀዶ ሕክምና ይለወጣል።

አንጎል ውስጥ የሚገቡት ሌሎች ሁለት መሣሪያዎች ከዚህም በላይ ክትትል ይጠይቃሉ። ታላመስ በሚባለው የአንጎል ክፍል ፊተኛ አካል ላይ የሚተከለው በአሜሪካ ለአዋቂዎች የተፈቀደው በ2018 ሲሆን 110 ታማሚዎች በተካተቱበት ጥናት ከአምስት ዓመት በኋላ የመጣሉ ቁጥር በመሃለኛ አሃዝ (ሚዲያን) 69 በመቶ ቀንሷል፤ ድብርትና የማስታወስ ችግር ግን መታየት አለባቸው። ሌላው በ2013 የተፈቀደው፣ ራስ ቅል ውስጥ ተገጥሞ የአንጎልን ሞገድ እያዳመጠ በሽታው ሲነሳ ብቻ የሚያነቃቃው ነው። ታማሚው የተመዘገበውን ሞገድ ቤቱ ሆኖ በኢንተርኔት ይልካል፤ ሐኪሙ ያንን አንብቦ ያስተካክላል። አንባቢ ሐኪም ከሌለ ያ ሁሉ መዝገብ ዋጋ የለውም።

ሦስቱም በአብዛኛው በሽታውን ይቀንሱታል እንጂ አያጠፉትም፤ መድኃኒቱም ይቀጥላል። ስለዚህ ከእነሱ በፊት የሚታይ ነገር አለ። መድኃኒት አልበገረውም የሚባለው በትክክል የተመረጡ ሁለት መድኃኒቶች በበቂ መጠን ተወስደው ካልሠሩ ነው። ፌኖባርቢታል በአነስተኛ መጠን ለዓመታት የወሰደ፣ ወይም ጸበል ሲገባ ኪኒኑን ያቆመ ሰው ገና እዚህ አልደረሰም። ካርባማዜፒን የተባለው መድኃኒት ደግሞ አንዳንዱን የበሽታውን ዓይነት፣ ለምሳሌ በጉርምስና የሚጀምረውንና ጠዋት እጅ የሚያስፈነጥረውን፣ ሊያባብሰው ይችላል። የበሽታው መነሻ በጆሮ ግንድ በኩል ባለው የአንጎል ክፍል ከሆነ ቆርጦ ማውጣት ይቀድማል፦ በካናዳ በ80 ታማሚዎች ላይ ተደርጎ በ2001 በታተመው ጥናት ከዓመት በኋላ፣ ራስን የሚያስት መጣል የተወላቸው ቀዶ ሕክምና ከታዘዘላቸው 58 በመቶ፣ በመድኃኒት ብቻ ከቆዩት 8 በመቶ ነበሩ።

ይህ ሁሉ ተጣርቶ መሣሪያው ከተወሰነ ገንዘቡ ከመከፈሉ በፊት ሆስፒታሉ በጽሑፍ እንዲመልስ ይጠየቅ፦ የሳጥኑና የሽቦው ሞዴል፣ መለያ ቁጥር፣ ሲወጣ የተስተካከለበት መጠን፣ የኤምአርአይ ገደቡ፣ የባትሪው ግምታዊ ዕድሜ፣ ቀጣዮቹን ጭማሪዎች የሚያደርገው ሐኪም ስምና ከተማ። የመጨረሻው መስመር ባዶ ከሆነ የሦስት ወር የቤት ኪራይም በበጀቱ ይግባ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የነርቭ ሕክምና ባለሙያ፣ አዲስ አበባ