የደመናውን አገር ላቆማችሁልን ሁሉ

ልጄ ትናንት በክራንች ቤቷ ገባች። ስድስት ሳምንት የጠበቅነው ቀን ነው። ለደወላችሁ ሁሉ መልሼ መደወል አልቻልኩም፤ ስለዚህ ምስጋናዬን እዚህ ልጻፈው።

ብዙዎቻችሁ እንደምታውቁት ክረምቱ ሲገባ ከዘይቱን ዛፍ ላይ ወድቃ የጭን አጥንቷ ተሰበረ። ዘጠኝ ዓመቷ ነው። እግሯ በገመድና በክብደት ተወጥሮ ሆስፒታል ውስጥ በጀርባዋ ብቻ መተኛት ነበረባት። መገላበጥ የለም፣ መቀመጥ የለም። ቀኑን ሙሉ የምታየው ጣሪያውን ነው። ጣሪያው ላይ ደግሞ የዝናብ ውሃ የተወው እድፍ አለ። ጠርዙ ቡናማ፣ መሃሉ ነጣ ያለ፣ አንድ ጎኑ ወደ አምፖሉ የሾለ። በሦስተኛው ቀን "እማ፣ ያ አገር ነው" አለችኝ።

"የምን አገር?"

"የደመና አገር። ሹሉ ወደቡ ነው። መርከቦቹ እዚያ ይቆማሉ።"

እንዲህ ተጀመረ። ሕመሙ ሲጠናባት ሌሊት ሌሊት እዚያ ነበር የምንሄደው።

መጀመሪያ የማመሰግነው ከጎናችን ልጃቸውን ያስታምሙ የነበሩትን የደባርቅ አባት ነው። የስሜን ተራሮችን ፓርክ የሚጠብቁ ስካውት ናቸው። ልጄ ስለ አገሯ ስታወራ ሰምተው "እኔ እኮ እዚያ ነው የምሠራው" አሏት። ዓይኗ ፈጠጠ። እሜት ጎጎ ጫፍ ላይ ጠዋት ቆመው ወደ ታች ሲያዩ ደመናው ከእግራቸው ሥር እንደ ባሕር ተኝቶ እንደሚያገኙት ነገሯት። ጭላዳዎቹ ማታ ገደሉ ላይ ወርደው ያድራሉ። ፀሐይ ስትወጣ ከደመናው ውስጥ አንድ በአንድ ብቅ ብቅ እያሉ ሣር ሊግጡ ይመጣሉ። "ጉምና ደመና ልዩነቱ ምንድን ነው?" ብላ ጠየቀቻቸው። "ያው አንድ ነው ልጄ። እኛ ውስጡ ሆነን ጉም እንለዋለን፤ እናንተ ከታች ሆናችሁ ደመና ትሉታላችሁ" አሏት። እስከ ዛሬ ለጠያቂው ሁሉ ትደግመዋለች።

ስለ ጢማሙ አሞራም ነገሯት። አጥንት ይዞ ወደ ላይ ይወጣና አለት ላይ ለቆ ይሰብረዋል፤ ከዚያ ይበላዋል። እኔ ደነገጥኩ፤ አጥንቷ ለተሰበረ ልጅ ይህ ይወራል ወይ ብዬ። እሷ ግን ትንሽ አሰበችና "በእኔ አገር ወጌሻው እሱ ነው። አጥንት ስለሚያውቅ" አለች። አባባ፣ ይህ መልእክት ደባርቅ ከደረሰ፣ ልጅዎን እግዚአብሔር ይማርልዎት። ለልጄ የሰጧት ነገር ከመድኃኒት አያንስም።

ቅዳሜ ቅዳሜ ሌላ ሕመምተኛ ሊጠይቁ ይመጡ የነበሩት፣ የሚትዎሮሎጂ ሥራ ላይ ያረጁት ጋሼም አሉ። "ደመና ለምን አይወድቅም?" አለቻቸው። "ይወድቃል እንጂ" አሉ። ጠብታዎቹ ከፀጉር ውፍረት ያነሱ ስለሆኑ ቀስ ብለው ነው የሚወድቁት። ከታች ሞቆ የሚወጣው አየር ደግሞ ወደ ላይ ይመልሳቸዋል። የጥጥ ክምር የምትመስለው ደመና በመቶ ቶን የሚቆጠር ውሃ ልትሸከም እንደምትችልም ነገሯት። ልጄ ከዚያ ቀን ጀምሮ ሕግ አወጣች። በየደሴቱ ሥር እንጀራ የሚጋገርበት ምጣድ አለ። ምጣዱ ከቀዘቀዘ ደሴቱ ዝቅ ይላል።

የሰፈሬ ሰዎች፣ ይህን በተለይ ለእናንተ ነው የምጽፈው። ምሳ ዕቃችሁ ሲመጣ ምን እንደምታደርግ አላያችሁም። ክዳኑን አስከፍታ "ቆይ እማ፣ መጀመሪያ እንፋሎቱ ይውጣ" ትለኛለች። የሽሮው እንፋሎት ወደ ጣሪያው ሲወጣ በዓይኗ ትከተለዋለች። እድፉ ጋ ደርሷል ብላ ስታምን ነው አፏን የምትከፍተው። ስድስት ሳምንት ሙሉ አንድ ቀን እንኳ ባዶ እጃችሁን አልመጣችሁም። በዝናቡ፣ በጭቃው፣ ሁለት ታክሲ ተሳፍራችሁ። ሽሮው ቀዝቅዞ በላነው፤ አገሩ ግን ዝቅ አላለም።

እቁብተኞቼ፣ ዕጣችሁን ስለለቀቃችሁልኝ ብድራችሁን ይክፈልልኝ። ዶክተሮቹንም አጥንቷን በደንብ ስለገጠማችሁልን አመሰግናለሁ።

የሌሊቷ ሲስተር ግን የተለየሽ ነሽ። በሁለተኛው ሳምንት ልጄ እያለቀሰች ያደረችበትን ሌሊት መቼም አልረሳውም። እኔ መላው ጠፍቶኝ ነበር። አንቺ ገብተሽ "ዝም በይ" አላልሻትም። አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጠሽ "ወጌሻው አሞራ ዛሬ የት አመሸ?" አልሻት። ልጄ እንባዋን ሳትጠርግ መልስ መስጠት ጀመረች። ዝናብ ስለነበር መብረር አልቻለም፤ የማርያም መቀነት እስኪዘረጋለት እየጠበቀ ነው አለች። የማርያም መቀነት ከደሴት ወደ ደሴት የሚያሻግር ድልድይ መሆኑን ያን ሌሊት ነው ያወቅነው። በማግስቱ ባዶ የራጅ ፖስታዎች አመጣሽልን። ቀደሽ ዘርግተሽ በፕላስተር አያያዝሻቸው። እኔ ከፊቷ ከፍ አድርጌ እይዝላታለሁ፣ እሷ ተንጋልላ ትስላለች። ክንዴ ሲዝል ተቀብለሽኝ የያዝሽው አንቺ ነሽ፤ ከአሥራ ሁለት ሰዓት ሥራ በኋላ። ወደቡን፣ የጭላዳዎቹን ገደል፣ ምጣዶቹን አንድ በአንድ እስክትጨርስ ቆመሽላታል። እግዚአብሔር ያክብርሽ እህቴ።

ስንወጣ ካርታውን ይዛው የምትመጣ መስሎኝ ነበር። እሷ ግን እዚያው ግድግዳው ላይ ይቅር አለች። አልጋዋ ላይ የገባው ልጅ ሰባት ዓመቱ ነው፤ እሱም እግሩ ነው። በስተቀኝ በኩል ትልቅ ባዶ ቦታ ትታለታለች። እርሳሱ ኮመዲኖው መሳቢያ ውስጥ ነው። እናቱ፣ ይህን ካየሽ ፖስታውን ከፍ አድርገሽ ያዢለት። ነገ ምሳ ይዤ እመጣለሁ።