ስለ እህታችን፦ ለፓቶሎጂ ባለሙያዎችና ላልተለያችሁን ሁሉ የምስጋና መልእክት

ከሁሉ አስቀድሞ እህታችንን ከሞት አፋፍ ለመለሰልን ለልዑል እግዚአብሔር ምስጋና ይድረሰው። የጨጓራ ካንሰር ተገኝቶባት፣ ጨጓራዋ ሙሉ በሙሉ ወጥቶ፣ ከኦፕራሲዮኑ በፊትም በኋላም የታዘዘላትን ኬሞ ጨርሳ፣ ይኸው ፒያሳ ቤቷ ከልጆቿ ጋር ናት። እየደወላችሁ፣ እየመጣችሁ፣ እየጸለያችሁ የጠየቃችሁንን ሁሉ በየስማችሁ ማመስገን ስለማንችል ነው ይህን መጻፋችን።

የቀዶ ሕክምና ሐኪሞቻችን ውለታ ተከፍሎ አያልቅም። እኔ ግን አስቀድሜ ማመስገን የምፈልገው በሽተኛ ፊታቸውን የማያያቸውን ሐኪሞች ነው፤ ናሙና በማይክሮስኮፕ የሚያነቡትን የጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ፓቶሎጂስቶች።

እህታችን 39 ዓመቷ ነው። ሕመሙ ሲጀምራት እንደማንኛውም ሰው «ጨጓራ ነው» ተባለ፤ ኦሜፕራዞል ወሰደች፣ የባክቴሪያውንም መድኃኒት ጨረሰች። ጥቂት ጎርሳ ጠገብኩ ማለቷ ግን አልቆመም፣ ክብደቷም እየቀነሰ ሄደ። በአፍ በሚገባ ቀጭን ካሜራ ጨጓራን የሚያዩበት የመጀመሪያው ኢንዶስኮፒ ናሙና «የቆየ የጨጓራ መቆጣት እንጂ ካንሰር አልታየም» የሚል ውጤት ይዞ መጣ። ደስ ብሎን ስለት አስገባን። ኢንዶስኮፒውን የሠራላት ሐኪም ግን አልተዋጠለትም፤ ጨጓራዋ አየር ሲገባበት እንደሚገባው አልተለጠጠም ነበርና ከተለያየ ቦታ፣ ጠለቅ አድርጎ ሌላ ናሙና ወሰደ። እሱንም ደጋግመን እናመሰግነዋለን። ፎርማሊን ውስጥ ያለውን ናሙና ይዘን በቸርችል ጎዳና ወርደን ለጥቁር አንበሳ አስረከብን።

ውጤቱ ከወጣ በኋላ ያነበቡት ዶክተር ጥያቄያችን ሲበዛ ጊዜ ሰጥተው አስረዱኝ፣ ለተማሪዎች በተሠራው የማይክሮስኮፑ ሁለተኛ መመልከቻም አሳዩኝ። ሐምራዊ ነጥብ ያላቸው ክብ ክብ ሴሎች እዚህም እዚያም ተበታትነዋል። ውስጣቸው በንፍጥ መሰል ፈሳሽ ስለተሞላ ኒውክለሱ ወደ ዳር ተገፍቶ እያንዳንዳቸው ፈርጥ ያለው ቀለበት መስለዋል። ዶክተሯ ቀስ እያሉ አስረዱኝ። ከጨጓራ ካንሰር አብዛኛው ከውስጠኛው ሽፋን የሚነሳው፣ አዴኖካርሲኖማ የሚባለው ነው፤ እሱን ደግሞ ፊንላንዳዊው ፔካ ላውረን እ.ኤ.አ. በ1965 በሁለት ዋና ዋና ዓይነቶች ከፍሎታል። አንደኛው የአንጀት ዓይነት የሚባለው ነው። ብዙ ጊዜ ሄሊኮባክተር ፓይሎሪ የተባለው የጨጓራ ባክቴሪያ ከሚያመጣው የቆየ መቆጣት ተነስቶ፣ የጨጓራው ሽፋን እየሳሳ፣ የአንጀት ሽፋን እየመሰለ፣ በብዙ ዓመታት ደረጃ በደረጃ ይመጣል፤ እብጠት ወይም ቁስል ሆኖም ይታያል። ሁለተኛው የተበታተነው ዓይነት ነው፤ የእህቴ ይህ ነበር። ሴሎችን እርስ በርስ የሚያያይዘው ኢ-ካድሄሪን የተባለው ፕሮቲን ስለሚጎድል ሴሎቹ ተለያይተው ከሽፋኑ ሥር ይሰራጫሉ። ግድግዳው ይወፍራል፣ ይደርቃል፤ ላዩ ግን ደህና ሊመስል ይችላል። የመጀመሪያው ናሙና ለምን ባዶ እንደሆነ ያን ጊዜ ገባኝ፤ በማንም ላይ የያዝኩት ቂም ካለም እዚያው ወረደልኝ።

ይህ ዓይነት በወጣቶችም ላይ ስለሚታይ፣ አልፎ አልፎም በዘር ስለሚተላለፍ፣ በቤተሰብ ተመሳሳይ በሽታ የነበረበት ሰው እንዳለ አንድ በአንድ ጠየቁን። ያንኑ ኢ-ካድሄሪን የሚያሠራው ሲዲኤች1 የተባለው ዘረመል ጉድለት ከዚህ ካንሰር ጋር ያለው ግንኙነት እ.ኤ.አ. በ1998 በኒውዚላንድ የማኦሪ ቤተሰቦች ላይ መገኘቱንም ያን ቀን ነው የሰማሁት። እኛ ዘንድ ሌላ የታመመ የለም፣ ተመስገን።

ዓይነቱ መለየቱ ወረቀት ላይ ብቻ አልቀረም። የተበታተነው ዓይነት ዓይን ከሚያየው በላይ ርቆ ስለሚሄድ ሐኪሞቹ ጨጓራውን ከፍለው ሳይሆን በሙሉ ለማውጣት ወሰኑ። የወጣው ጨጓራ እንደገና ወደ ፓቶሎጂ ሄደ፤ ጫፎቹ በቀለም ተቀብተው፣ በስሱ ተቆራርጠው ታዩ። ደረጃውን በትክክል ለመወሰን ቢያንስ 16 ንፍፊቶች እንዲመረመሩ ይመከራል፤ እነሱ ከስቡ ውስጥ እየፈለፈሉ 24 አውጥተው መርምረዋል። ካንሰር የተገኘው ሁለቱ ላይ ብቻ ነው፤ የላይኛውም የታችኛውም ጫፍ ንጹሕ ሆኗል። «ጫፉ ንጹሕ ነው» የሚለውን ስሰማ ኮሪደሩ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ።

ናሙናውን በሰም ያደረቃችሁ፣ የቆረጣችሁ፣ ቀለም የቀባችሁ የላቦራቶሪ ቴክኒሺያኖች፣ ስማችሁን ሳላውቅ ነው የማመሰግናችሁ። ቀዶ ሕክምና ያደረጋችሁላት ሐኪሞችና ሬዚደንቶች፣ ሌሊት ሌሊት ያስታመማችሁ ሲስተሮች፣ ኬሞ ሲሰጣት «አይዞሽ እቱ» እያላችሁ ያበረታታችኋት፣ እጃችሁ ይባረክ። ደም የለገሳችሁ የሥራ ባልደረቦቿ፣ የእድራችን አባላት፣ ልጆቿን እንደ ልጆቻችሁ ያበላችሁ ጎረቤቶች፣ ውለታችሁን ፈጣሪ ይክፈላችሁ።

አሁን የምትበላው በትንሽ በትንሹ፣ ቶሎ ቶሎ ነው፤ ቫይታሚን ቢ12 በመርፌ ትወስዳለች፣ ክትትሏም ይቀጥላል። ልትጠይቋት የምትፈልጉ ከሰዓት በኋላ ብትመጡ ይመቻታል፤ ከምግብ ይልቅ ጨዋታችሁን ይዛችሁላት ኑ።

እግዚአብሔር ይስጥልን።

መላው ቤተሰብ
ፒያሳ፣ አዲስ አበባ