ስለ ቅዳሜው ቀረጻ

ውድ አባላት፣ እንደምን ሰነበታችሁ?

ቅዳሜ ጠዋት የቴሌቪዥን ሰዎች ሊቀርጹን ይመጣሉ። 3 ሰዓት ላይ ፒያሳ እንገናኝ።

ያለፈውን አልረሳሁትም። ጋዜጠኛው ስትሮክ የመታቸውን ጋሼን ትቶ ልጃቸውን "ምን ይሰማቸዋል?" ብሎ ጠየቀ። ጋሼ እኮ እዚያው ነበሩ! ቃሉን እየፈለጉ በጣታቸው ጉልበታቸውን መታ መታ ሲያደርጉ ካሜራው ዞረ። ማታ በቴሌቪዥን ያየነው ያው በዋሽንት የታጀበ እንባ ነው።

ስለዚህ አሁን ለቴሌቪዥን ሰዎቹ አስቀድሜ ነግሬያቸዋለሁ። ስትሮክ የአንጎልን ግራ ክፍል ሲጎዳ ብዙ ጊዜ ቃል ይጠፋል፤ ሰውየው ግን ያስባል፣ ያውቃል፣ ይቀልዳልም። ጥያቄው አጭር ይሁን፣ አንድ በአንድ። ከዚያ መጠበቅ ነው። ለቴሌቪዥን ሰው 10 ሰከንድ ዝምታ ጭንቅ እንደሆነ ይገባኛል፤ ይቻሉት።

የምልክት ቋንቋ አስተርጓሚዋም የቴሌቪዥኑ መስኮት ጥግ ላይ እንደ ቴምብር እንዳትለጠፍ ብያለሁ። አገራችን በ2002 ዓ.ም. ያጸደቀችው የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነት፣ አንቀጽ 21፣ የመገናኛ ብዙኃን ተደራሽነትንም ይጠቅሳል። ውለታ አልጠየቅንም።

መቀረጽ የማይፈልግ አይገደድም። ቃል ሲጠፋ በጣት እየጠቆማችሁ የምትናገሩበት፣ ፊደል የተጻፈበት ካርቶን ያላችሁ ይዛችሁ ኑ። የጋሼን እኔ አመጣለሁ።